ወፍጮው እየዞረ ነው

ጋሪው ቁልቁለቱን እየተንገጫገጨ ይወርዳል። ባለጋሪው በአንድ እጁ ልጓም፣ በሌላው ባርኔጣውን ይዞ፣ ፈረሱን «አይዞህ ዳማ፣ አይዞህ» ይለዋል። ከኋላው በባዶ ጆንያዎች ላይ የተቀመጠችው የሟች ወንድሙ ሚስት ደግሞ ታወራዋለች። የምታወራውን ለመስማት ጋሪው ላይ መሳፈር አያስፈልግም ነበር። ከወንዙ ማዶ የሚያርስ አንድ ገበሬ በሬዎቹን አቁሞ፣ «አይዞሽ እናቴ፣ ሳትረቺ አትመለሺም!» ብሎ ከዚያው ጮኾ መለሰላት።

«እትዬ» አለ ባለጋሪው ዞር ብሎ፣ «የምታወሪው ከኔ ጋር ነው አይደል?»

«ታዲያ ከማን ጋር ሊሆን ኖሯል?»

«እኔ እዚሁ አፍንጫሽ ሥር ነኝ። ሰውየው ግን ወንዝ ማዶ ነው።»

«ሰምቶ መረቀኝ እንጂ ምን አደረገህ? ካንተ ይሻላል፤ አንተ ከተነሣን ጀምሮ አንድ ደህና ቃል አልወጣህም» አለች። ይህንንም ገበሬው ሰምቶ ሳቀ።

እንግዲህ ይቺን ሴት ሳላስተዋውቃችሁ ወደ ከተማ ባስገባት ነውር ነው። ባለወፍጮ ናት። ከሙሽርነቷ ጀምሮ በሁለት ትልልቅ ድንጋዮች ጩኸት ውስጥ ኖራለች። የውሃ ወፍጮ በሚዞርበት ቤት ደግሞ ያልጮኸ ሰው አይሰማም፤ «ጨው አቀብለኝ» ለማለት እንኳ እንደ አዋጅ ነጋሪ መጮህ ግድ ነው። በዚያ ላይ ድንጋዩ የጆሮዋን ግማሽ ወስዶባታል። ስለዚህ ከወፍጮ ቤቱም ስትወጣ ድምፅዋን እንደያዘች ነው የምትወጣው። ምሥጢር ነግሯት የሚያውቅ ሰው የለም፤ የነገራትም አንድ ጊዜ ብቻ ነው። አገሬው «ደወሏ» ይላታል። ስሟን ትወደዋለች። ባሏ ሞቶ ሦስት ሴት ልጆችና ወፍጮውን ሲተውላት፣ ሁሉንም በዚያው ድምፅ አሳደገች፤ ወፍጮውንም ሳታስቆም ቆየች።

ነገሩ የመጣው ከአዲሱ ሹም ጋር ነው። ሹሙ ለቤት መሥሪያ አገር ሙሉ መሬት ተከፍቶላቸው ሳለ፣ የወንዙ ነፋስ ደስ ብሏቸው ከወፍጮው አጠገብ ባለ ሰገነት ቤት ሠሩ። ሐር ተነጠፈ፣ የጽጌረዳ አትክልት ተተከለ፣ ከምሳ በኋላ የሚያርፉበት ባለ መጋረጃ አልጋ በመስኮቱ ሥር ተዘረጋ። ጋደም ሲሉ ግን ድንጋዩ ግርር ይላል። ትራስ ደረቡ፤ አልሆነም። መስኮቱን በሱፍ ደፈኑ፤ አልሆነም። በመጨረሻ ባለወፍጮዋን አስጠርተው፣ «ወፍጮሽ የሕዝብን ሰላም አውኳልና ይዘጋ። ተመልሶ እንዳይከፈትም ድንጋዮቹ ወጥተው ይሰበሩ» ብለው ፈረዱባት። የሕዝብን ሰላም! ሕዝቡ እንጀራውን የሚበላው ከዚያ ወፍጮ ነው፤ ሰላሙም እሱው ነው።

የዚያ ዘመን ሕግ ብዙ ወረቀት አይፈልግም ነበር። ሹም የበደለው ሰው፣ ሹሙ ከወንበራቸው ሳይነሡ በፊት «ይግባኝ!» ማለት አለበት። ይህን ካለ ታላቁ ችሎት ነገሩን እስኪያየው ድረስ የሹሙ እጅ ይታሰራል። ሳይል ከወጣ ግን ፍርዱን ወዶ ተቀብሏል ማለት ነው፤ አለቀ።

እሷም ብላለች። እንዴት ብላለች! ገበያ ውስጥ ቅቤ የሚመዝነው ሰውዬ ሚዛኑን ጥሏል። ችግሩ ሕጉ «የግድግዳ ሰሚ ምስክር አይሆንም» ማለቱ ነው፤ መቆጠር ያለበት በክፍሉ ውስጥ የነበረ ሰው ነው። በክፍሉ ውስጥ የነበሩት ሹሙ፣ የሹሙ ጸሐፊና የሹሙ ዘበኛ ናቸው። እነሱም በአንድ አፍ፣ «ፍርዱን በዝምታ ተቀብላ ወጣች» አሉ። ደወሏ! በዝምታ! አገሬው ይህን ሲሰማ የሚስቅበትንና የሚያለቅስበትን አጣ።

የወፍጮው ቦይ ተዘጋ። ድንጋይ ሰባሪዎች መዶሻቸውን ይዘው ደጃፉ ላይ ተቀመጡ። ሽማግሌዎች እግር ላይ ወድቀው ስለለመኑ ብቻ ሹሙ አንድ ነገር ፈቀዱ፤ ዛሬ ፀሐይ ሳትጠልቅ ከታላቁ ችሎት ማኅተም ካመጣች ትትረፍ፤ ካላመጣች ይሰበር። ድንጋዮቹን የጠረባቸው ባሏ ነው፤ የጎልማሳነት ዕድሜውን የጨረሰው በእነሱ ነው። ያን ዓይነት ድንጋይ የሚጠርብ ሰው በአገሩ የቀረ የለም። ከተሰበሩ የሴትዮዋ ቤት በቁሙ ፈረሰ ማለት ነው።

አሁን ወደ ጋሪው እንመለስ። ባለጋሪው በአንድ ወቅት አንድ ስመ ጥር ነገረ ፈጅ ለአንድ ክረምት አመላልሷል። ከዚያ ወዲህ ሕግ በጋሪው የተሳፈረ ይመስለዋል።

«ስሚኝ እትዬ። ችሎት ማለት በሽተኛ የተኛበት ቤት ማለት ነው። እዚያ የሚጮህ ሰው ጥፋተኛ ይመስላል። ነገረ ፈጁ ምን ይል ነበር መሰለሽ? ‹ዳኛ የሚያምነው ለስላሳ አፍ ነው› ይል ነበር። ዝም አይነቅዝም ሲባል አልሰማሽም?»

«ይህን ያለው እህል አያውቅም» አለች ባለወፍጮዋ። «ዝም ብሎ የተቀመጠ እህል ነው የሚነቅዘው።»

«አሁን ተረት የምንገጥምበት ሰዓት ነው? በይ፣ ‹ክቡር ዳኛ፣ ይግባኝ ብያለሁ› በይ። ግን በለስላሳው።»

አለች። ዳማው ጆሮውን ቀሰረ።

«ቀነስ አድርጊው!»

ቀነሰች። ከመንገድ ዳር አንዲት ዶሮ በርግጋ ሸሸች።

«ኧረ በሕግ! እትዬ፣ ሕፃን የተኛበት ቤት የገባሽ አስመስይው።»

እንዲህ እያሉ ዳገቱንም ሜዳውንም ጨረሱት። ምስኪን፣ ለልጆቿ ስትል የማትሆነው የለም፤ ጉሮሮዋን በሁለት እጇ ይዛ፣ ድምፅዋን እንደ እርጎ እየናጠች አቀጠነችው። የከተማው በር ሲታይ፣ ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ ካልታየ በቀር መናገሯ የማይታወቅ ሆነ። ባለጋሪው ኩራት አይሉት ደስታ ፊቱ በራ። «እሰይ! እሰይ እትዬ! አሁን ሴት ወይዘሮ መሰልሽ!» አላት።

የታላቁ ችሎት አዳራሽ ከፍ ያለ ነው። መስኮቶቹ ከጣሪያው ሥር ተሠርተዋል፤ ብርሃኑ የሚወርደው ወለሉ መካከል ባለ አንድ ሰፊ ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ነው። የአዳራሹ ደንብ፣ ይግባኝ ያለና ይግባኝ የተባለበት በዚያ ድንጋይ ላይ ጎን ለጎን ይቆማሉ የሚል ነው፤ ሹም ቢሆን፣ የሹም አለቃ ቢሆን ሰይፉን ለአጋፋሪው አስረክቦ፣ ባርኔጣውን አውልቆ ነው የሚቆመው። ከጸሐፊያቸውና ከዘበኛቸው ጋር በበቅሎ ቀድመው የደረሱት ሹሙ ሰይፋቸውን ሲያስረክቡ የገዛ ጥርሳቸውን የሚነቅሉ ይመስሉ ነበር። ባርኔጣቸው ሲወልቅ መላጣቸው ከመስኮቱ ብርሃን ጋር ተገናኘና፣ ከኋላ የተቀመጡት ባለጉዳዮች ጉሮሯቸውን ጠራረጉ።

ዳኛው ትንሽ፣ ቀጭን ሽማግሌ ናቸው። አረንጓዴ ጨርቅ የለበሰ ገበታ ፊታቸው ላይ አለ፤ በላዩ ላይ የሸክላ ኩባያ ሙቅ ውሃ፣ የሰም ማቅለጫ መብራትና የመዳብ ማኅተም ተቀምጠዋል። ሲናገሩ ድምፃቸው ከወረቀት ኮሽታ አይበልጥም። አጋፋሪው ከኋላ ላሉት፣ «ከመቀመጫው የተናገረ ይወጣል!» ብሎ አስጠነቀቀ። ባለጋሪው ባርኔጣውን ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ አፉን ገጠመ።

«ክቡር ሹም» አሉ ዳኛው፣ «ይህች ሴት ከወንበርዎ ሳይነሡ ይግባኝ ብላለች?»

«አላለችም፣ ክቡር ዳኛ። ፍርዱን ሰምታ፣ እንደ በግ ዝም ብላ ነው የወጣችው።»

ጸሐፊው መሐላ ገብቶ እንደዚሁ አለ። ዘበኛው፣ ወጣት ነው፣ እሱም ማለ፤ ሲምል ግን ዓይኑ ጫማው ላይ ነበር። የሹሙ ነገረ ፈጅ አንድ እርምጃ ወደ ፊት ወጥቶ፣ «ጉዳዩ ግልጽ ነው ጌታዬ፤ ያልተሰማ ይግባኝ የለም» አለና እጁን አጣጥፎ ተመለሰ።

«አንቺስ ልጄ? ብለሻል?»

ባለወፍጮዋ የዳኛውን ከንፈር አይታ ጥያቄው ገባት። ወደ ባለጋሪው ዞር አለች፤ እሱም ራሱን ነቀነቀላት፤ «በለስላሳው» ማለቱ ነው። ተናገረችም። ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ፤ ሌላ የሆነ ነገር የለም።

«ምን አለች?» አሉ ዳኛው።

አጋፋሪው ጆሮውን አስጠጋ። «‹ብያለሁ› ያለች መሰለኝ፣ ጌታዬ። አላረጋገጥኩም።»

«እንደገና ትበል።»

እንደገና አለች። የባሰ ቀጠነ። ጉሮሮዋን እንደያዘች ዓይኗ እንባ አቀረረ፤ ደህና እየሠራች መስሏታል፣ ምስኪን። ዳኛው ወደ ፊት አጎንብሰው አዩዋት፤ ክፉ ሰው አይደሉም፤ አዘኑ። ቀስ ብለው ብዕራቸውን አስቀመጡ።

«ልጄ፣ ሕጉ ይባል ብቻ አይልም፣ ይሰማ ይላል። ድምፅሽ ይህ ከሆነ ሹሙ አልሰማሁም ቢሉ ምን እፈርዳለሁ? ክፍሉ ሰፊ ነው፤ አንቺ ደግሞ…» ቃላቸውን ሳይጨርሱ የሰም ማቅለጫውን ወደራሳቸው ሳብ አደረጉ።

ባለጋሪው አሁን ገባው። እዚያ ድንጋይ ላይ የቆመችው ደወሏ አይደለችም፤ ከንጋት ጀምሮ በመንገድ ላይ እሱ ራሱ የሠራት ሌላ ሴት ናት! የወንድሙ ቤት፣ የወንድሙ ድንጋይ፣ የወንድሙ ልጆች፤ ይኸው በለስላሳ አፍ ሊያልቁ ነው። ሰሙ መቅለጥ ጀመረ። ከመቀመጫው የተናገረ ይወጣል ተብሏል። ይውጣ!

ብድግ አለና ክንዱን ወደ ላይ ሰቅሎ፣ በአየር ላይ ትልቅ ክብ እየሠራ አዞረው። በወፍጮ ቤቱ ምንም በማይሰማበት ሰዓት፣ ወንድሙ ከቦዩ ራስ ላይ ሆኖ ለሚስቱ «ወፍጮው ዞሯል፣ ጮክ በይ» ሲል የሚያሳያት ምልክት ነበር። «እትዬ!» ብሎ ጮኸ። «ወፍጮው እየዞረ ነው!»

አጋፋሪው አንገቱን ይዞ ወደ በሩ ይጎትተው ጀመር። ባለወፍጮዋ ግን ክንዱን አይታለች። ለአፍታ ባሏን ያየች ይመስል ቆመች። ከዚያ እጇን ከጉሮሮዋ አወረደች፣ እግሯን ከፈት አድርጋ ድንጋዩ ላይ ተከለች፣ ደረቷን በአየር ሞላች።

«ይግባኝ ብያለሁ፣ ክቡር ዳኛ! ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው ሳለ ብያለሁ! ይግባኝ! ይግባኝ! ይግባኝ!»

የኩባያው ውሃ ተንቀጠቀጠ። የችሎቱ ጸሐፊ ቀለሙን ጭኑ ላይ ደፋው። ከመስኮቶቹ ርግቦች ብርር ብለው ወጡ፤ ግቢው ውስጥ የታሰረው ዳማ ደግሞ ድምፁን አውቆ አሽካካላት። አጋፋሪው የባለጋሪውን አንገት መያዙን ረሳ።

ሹሙ በሁለት መዳፋቸው ጆሯቸውን ደፍነው፣ ፊታቸውን አጨማድደው ጮኹ፦

«ይኸው! ይኸው አዩልኝ ክቡር ዳኛ! ያን ቀንም እንዲሁ ነው ጆሮዬን የበጠሰችው!»

የሹሙ ነገረ ፈጅ ቀስ ብሎ ዓይኑን ጨፈነ።

አፍ ሲያመልጥ፣ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይላሉ። ሹሙ ሁለቱንም ያወቁት ያን ጊዜ ነው፤ መዳፋቸው ከጆሯቸው ወርዶ መላጣቸው ላይ ዐረፈ፤ መላጣው እንደ በርበሬ ቀልቷል።

«ያን ቀን?» አሉ ዳኛው በዚያው የወረቀት ድምፃቸው። «ያን ቀን ምን ብላ ነው ጆሮዎን የበጠሰችው፣ ክቡር ሹም?»

ሹሙ ወደ ነገረ ፈጃቸው ዞሩ፤ እሱ ግን ዓይኑን አልገለጠም።

ዘበኛው ከጥግ፣ ማንም ሳይጠይቀው አፈነዳው። «ይግባኝ ብላ ነው፣ ጌታዬ! ያኔ ስላልሰማሁ አይደለም የማልኩት፤ ሥራዬን ፈርቼ ነው። እኔማ እስከ ማታ ጆሮዬ ሲጮህብኝ ነው ያመሸሁት!»

ዳኛው ሰሙን ወደ ጎን ገፋ አደረጉት። ነገሩ እዚህ ላይ ባለቀ ነበር፤ ግን ሽማግሌው ገና ሞቅ ብሏቸዋል።

«አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅዎ። ወፍጮው አውኮኛል ብሎ የከሰሳት ማን ነው?»

«ሕዝቡ ነው።»

«ከሕዝቡ ማን?»

«እኔ… ጎረቤት እንደመሆኔ።»

«የፈረደባትስ?»

«እኔ፣ ሹም እንደመሆኔ።»

«እንግዲያው ክሱን ያቀረቡት ተቀምጠው ነው ቆመው? ተነሥተው ለወንበሩ እጅ ነስተው፣ ተመልሰው ተቀምጠው ነው የሰሙት?»

ከኋላ የተቀመጡት ባለጉዳዮች ሳቃቸውን መያዝ አቃታቸው። አጋፋሪው «ጸጥታ!» ሊል ዞረ፤ የገዛ ጢሙ ግን ይንቀጠቀጥ ነበር።

ዳኛው ማኅተሙን አነሡ። «ሰው በገዛ ክሱ ዳኛ አይሆንም። ፍርዱ ተሽሯል። ቦዩ ዛሬውኑ ይከፈት። ሹሙ ቅር የሚያሰኛቸው ነገር ካለ እንደ ማንኛውም ጎረቤት ከሌላ ዳኛ ዘንድ ይክሰሱ፤ ዳኛውም አስቀድሞ ወፍጮው ነው የቀደመው ቤቱ ብሎ ይጠይቃቸው። አንተ ደግሞ፣ ክንድህን የምታዞረው፣ ከመቀመጫህ ተናግረሃልና ማኅተሙ እስኪደርቅ ውጭ ቁም።»

«እሺ ጌታዬ! ሲፈልጉ እስከ ዓመት እቆማለሁ!» አለ ባለጋሪው፤ እግሩ ግን ከመሬት አልነሣ አለው።

ባለወፍጮዋ አንዱንም አልሰማችም። የወረቀት ድምፅ ነው፤ ከየት ትሰማው? ሰዎቹ ሲስቁ በሷ የሳቁ መስሏት ፊቷ ሲጠቁር ዳኛው አዩ። በወንበሩ ላይ ከተቀመጡ ጀምሮ ድምፃቸውን ከፍ ያደረጉበትን ጊዜ የሚያስታውስ የለም። ያን ቀን ግን ተነሥተው በሁለት እጃቸው ገበታውን ተደግፈው፣ የአንገታቸው ሥር እስኪገተር ጮኹ፦

«ተሽሯል፣ ልጄ! ድንጋይሽ አይሰበርም! ወፍጮሽን ክፈቺ!»

ይሄኔ ገባት። እዚያው ጠፍጣፋው ድንጋይ ላይ ቁጭ ብላ፣ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጥላ አለቀሰች። ድምፅ ሳታሰማ ነው ያለቀሰችው፤ ማልቀስ የለመደችው ልጆቿ ሲተኙ ነው።

ወደ ቤት ሲመለሱ ባለጋሪው ዳማውን አለንጋ አላሳየውም፤ ግን ፈረሱም ገብቶታል መሰል በረረ። ማኅተም ያለበት ወረቀት በባለወፍጮዋ ደረት ውስጥ ነው። ገበሬው አሁንም ከማዶ ያርሳል።

«ረታሁ!» አለችው።

«አላልኩሽም!» አላት ከማዶ። ባርኔጣውን ወደ ሰማይ ወረወረ።

ፀሐይዋ ስታዘቀዝቅ ደረሱ። ድንጋይ ሰባሪዎቹ ጋሪውን ሲያዩ መዶሻቸውን ይዘው ተነሡ፤ ባለጋሪው ወረቀቱን ተቀብሎ ከፍ አደረገላቸው። የሰባሪዎቹ አለቃ ማኅተሙን ሲያይ ትልቅ ትንፋሽ ተነፈሰ። «ተመስገን። ሚስቴ ያንን ድንጋይ ሰብረህ እንዳትገባ ብላኛለች» አለና መዶሻውን አስቀምጦ፣ ከጓደኞቹ ጋር የቦዩን መዝጊያ ለማንሣት ወረደ። ሴቶቹ ልጆች እየሮጡ ወጥተው እናታቸው አንገት ላይ ተጠመጠሙ። ከሰገነቱ መስኮት አንድ አገልጋይ ብቅ ብሎ አየ፤ መስኮቱንም መልሶ በሱፍ ይደፍን ጀመር።

ውሃው መጣ። መጀመሪያ ጭቃና ቅጠል አመጣ፤ ቀጥሎ ጠራ። የእንጨቱ መንኮራኩር አቃሰተ፣ ቆመ፣ እንደገና አቃሰተና ዞረ። ከላይ ያለው ድንጋይ ግርር አለ። የወፍጮ ቤቱ ግድግዳ፣ ወለሉ፣ የባለጋሪው የሆድ ዕቃ ሳይቀር አብሮ ተንቀጠቀጠ። በሩ ላይ ቆሞ ዓይኑን ጨፍኖ ሰማው። ከተዘጋ ወዲህ ደህና እንቅልፍ የተኛበት ሌሊት እንዳልነበረ ያን ጊዜ ታወቀው።

ባለወፍጮዋ የመጀመሪያውን እህል ጨምራ፣ ትኩሱን ዱቄት በጣቷ እያሸች ወደሱ ዞረች። ፊቷ ነጭ ሆኗል፤ እንባው በመሀሉ መንገድ አበጅቶ ወርዷል። ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። አንድ ነገር እያለችው ነው፣ ረዘም ያለ፣ ደግ ነገር፤ ግን ከመንገዱ ትምህርት የተረፈው ለስላሳ ድምፅ ገና አልለቀቃትም ነበር።

ባለጋሪው እጁን ከጆሮው ኋላ አድርጎ ተጠጋ።

«ምን አልሽ እትዬ?» አለ። «ኧረ ጮክ በይ፣ አይሰማም!»